ሦስት ያስገባው በረኛ

ጋሽ ኢታና በሰው አያምኑም፤ ለዚህም ደመወዝ ይከፈላቸው ነበር። ልደታ የሚገኘው የማዘጋጃ ቤቱ ኳስ ሜዳ በር ላይ ቆመው ሳለ አንዱ ጫማውን በብብቱ ሸጉጦ "ተጫዋች ነኝ፣ ያሳልፉኝ" ቢላቸው፣ መልሳቸው "እስቲ ካልሲህን አውልቅ" ነው። የኳስ ተጫዋች የአውራ ጣቱ ጥፍር የጠቆረ ነዋ! ጥፍሩ የጸዳ ተመልሶ ይሰለፋል። ሹምም ይሁን፣ ደብተራም ይሁን፣ የገዛ አማቻቸውም ቢሆን ያው ነው። አማቻቸውማ አንድ ፋሲካ ሙሉ አኩርፏቸዋል።

እንዲህ ተጠራጣሪ የሆኑት ያለ ነገር አይደለም። ከአምቦ ወዲያ ካለው አገራቸው አዲስ አበባ የመጡት ለመሬት ክርክር ነበር። ቀጠሮ ቀጠሮን ሲወልድ፣ ያመኑት ነገረ ፈጅ ለካ ከባላጋራቸው ጋር አንድ ማዕድ ይቆርስ ኖሯል! መሬቱ ሄደ፤ እሳቸው ልደታ ቀሩ። "ከዚያ ወዲህ የማምናት ልደታ ማርያምን ብቻ ነው፤ ዘበኞቿን ሳይጨምር" ይሉ ነበር።

ያን ጊዜ ሜዳው ሜዳ አልነበረም። ወደ ተክለ ሃይማኖትና ወደ መርካቶ ጭነት የሚያመላልሱ ነጋዴዎች አህያ የሚያሳርፉበት፣ ክረምት ሲገባ እስከ ጉልበት የሚያሰምጥ ጭቃ ነበር። ማዘጋጃ ቤቱ ዶዘር አስገብቶ ሲደለድለው ጋሽ ኢታና በቀን ሠራተኛነት ድንጋይ ለቀሙ። የቆርቆሮ አጥር ዞረበት፤ ለተመልካች የባሕር ዛፍ ደረጃ ተሠራለት፤ በብረቱ በር አናት ላይም ዘውድ ተበየደ። ለበሩ ጠባቂ ያስፈልጋል በተባለ ጊዜ፣ መሐንዲሱ ዓይኑን የጣለው "የመሣሪያ ቤቱን ቁልፍ ለማንም አላስነካም" ብለው ከፎርማኑ ጋር ግብግብ በገጠሙት ሰውዬ ላይ ነው። በቃ፣ በረኛ ሆኑ! አብዮቱ ሲመጣ ዘውዱ በመጋዝ ተቆርጦ ኮከብ ተተካ፤ ሜዳውም በአዘቦት ስብሰባ፣ እሑድ እሑድ ኳስ ሆነ። በሩ ግን ያው በር፣ በረኛውም ያው ኢታና።

እንግዲህ ጉዱ የመጣው በሰባ ዓመተ ምሕረት ነው። ሰው ጥላውን ዞሮ እያየ የሚሄድበት ጊዜ! ሰላምታ እንኳ ይመዘናል፤ "እንዴት አደርክ?" ያለህ ሰው የት እንዳደርክ ለማወቅ ፈልጎ ቢሆንስ?

አንድ እሑድ የቀበሌው ቡድን ከጎረቤት ቀበሌ ጋር ገጥሞ ሦስት ለባዶ ተሸነፈ። ሰኞ ማለዳ ጋሽ ኢታና በሩን ሲከፍቱ፣ ከእንጨቱ ደረጃ ጀርባ ባለው የግንብ ግድግዳ ላይ መንግሥት ይውደም የሚል ጽሑፍ ተገትሮ ጠበቃቸው። የተጻፈው በኖራ ነው፤ እሳቸው የሜዳውን መስመር በሚያሰምሩበት ኖራ! ሮጠው የኖራውን ክፍል አዩ፤ ቁልፉ አልተሰበረም። የግቡ መረብም የሚቀመጠው እዚያው ስለሆነ ቁልፉ ከእጃቸው ወጥቶ የሚያውቀው የቡድኑ ሰዎች መረቡን ሊሰቅሉ ሲወስዱት ብቻ ነው። እንግዲህ ከቡድኑ ሰው አንዱ ነው። ግን የትኛው?

እሳቸው ይህን ሲያወጡ ሲያወርዱ፣ በድሉ የሚባለው አብዮት ጠባቂ ተክለ ሃይማኖት አንድ ሻይ ቤት ተቀምጦ ጆሮውን አቁሟል። ከኋላው ሁለት ሰዎች ጠረጴዛ ይደበድባሉ።

"በረኛው ነው ጉድ የሠራን!"

"እያየ አስገባቸው እኮ! ሦስቱንም!"

"ተነጋግሮ ነው ባክህ፣ ተሸጧል!"

በድሉ ከገጠር ከመጣ ገና ዓመት አልሞላውም፤ ኳስ የሚባል ነገር ቆሞ አይቶ አያውቅም። ለእሱ በረኛ ማለት በር ላይ የሚቆም ሰው ነው፤ ሌላ ምን ሊሆን! የግድግዳውን ወሬ ጠዋት ሰምቷል። አሁን ደግሞ ሰዎቹ አንድ በአንድ ሲቆጥሩ፣ ማን ስንት እንዳስገባ፣ በየት በየት እንዳስገባም ሰማ። ሻዩን እንኳ ሳይጨርስ ወደ ቀበሌ ከነፈ።

ጋሽ ኢታናን ሊወስድ ሲመጣ ባለቤታቸው ትርንጎ በሩ ሥር ቆሎዋን ዘርግታለች።

"ምነው ልጄ፣ ወዴት ነው?"

"ለጥያቄ ነው እናቴ። አሁን ይመለሳሉ።"

ትርንጎ የቆሎውን ቁና ከእጇ ጣለች። በዚያ ዓመት ሰፈሩ ውስጥ "አሁን ይመለሳል" የተባለ ሰው ሲመለስ አላየችማ!

የቀበሌው ሊቀመንበር ጓድ ፈቃደ ከወንበሩ ሳይነሳ ጀመረ።

"ሦስት አስገብተሃል።"

"እኔ? ማንንም አላስገባሁም፣ ጓድ ሊቀመንበር።"

"ሕዝቡ በዓይኑ አይቷል! ያውም እያየህ! አንዱ በግራ በኩል ገባ።"

"በግራ በኩል በር የለም እኮ።"

"አንዱ በአናትህ ላይ ዘሎ ገባ።"

"በአናቴ?"

በድሉ ከጎን ሆኖ አከለበት፦ "ሦስተኛው ደግሞ በእግሮቹ መሐል ሾልኮ ነው የገባው!"

ጋሽ ኢታና ወደ እግሮቻቸው አዩ። "ጓድ ሊቀመንበር፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ እኔ ድልድይ ነኝ? ሙሉ ሰው በእግሬ መሐል ሲያልፍ አልታወቀኝም?"

ጓድ ፈቃደ ሊቆጣ አፉን ከፈተና እንደከፈተ ቀረ። እሱም እሑድ ሜዳው ላይ፣ ከፊት ወንበር ነበረ። በግራ አንድ፣ በአናት አንድ፣ በእግር መሐል አንድ። ቀስ ብሎ ወደ በድሉ ዞረ።

"በረኛ ነው ያልከኝ?"

"አዎ ጓድ። በረኛው።"

"አንተ… ስለ ኳሱ በረኛ ነው እንዴ የሚያወሩት!"

"ኳስም በረኛ አለው?" አለ በድሉ።

መሳቅ ነበረባቸው፤ የሳቀ ግን የለም። ጓድ ፈቃደ ከቀበሌው በላይ ላለው ለከፍተኛው ጽሕፈት ቤት "ሦስት ሰርጎ ገቦች ሜዳችን ገብተዋል" ብሎ ስልክ ደውሎ ጨርሷል! አሁን ምን ብሎ ይመልሰው? "የኳሱን በረኛ አምጡት!" አለ፤ ሌላ የሚለው ጠፍቶት።

የኳሱ በረኛ ኦልጅራ መርካቶ ቆርቆሮ ቀጥቃጭ ነው፤ ከወለደ ወር ያልሞላው አባወራ። ነገሩን ሲነግሩት ቀጥ ብሎ ቆመና፣ እንደ ዘመኑ ደንብ ግለ ሂስ ጀመረ።

"ሦስቱንም ያስገባሁት እኔ ነኝ፣ ጓዶች። በተለይ በእግሬ መሐል ለገባው ራሴን በጥብቅ እነቅፋለሁ።"

እጆቹን ከፊቱ አጣምሯል። ጋሽ ኢታና ያን ጊዜ አዩ። ጣቶቹ ጥፍር ሥር ተሰነጣጥቀው ነጥተዋል። ቆርቆሮ እጅ ያጠቁራል እንጂ አያነጣም። እንዲህ የሚበላው ኖራ ነው፤ ያውም በባዶ እጅ፣ ያለ ብሩሽ ሲነኩት። የራሳቸውን ጣቶች ዓመት እስከ ዓመት የሚበላቸውን ነገር ይስቱታል?

ጓድ ፈቃደ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ወደ እሳቸው ዘወር አለ። "እሺ፣ የኳሱስ ይቅር። ግድግዳው ላይ የጻፈውስ? ቁልፉ ያንተ፣ ኖራው ያንተ። ወይ የምትጠረጥረውን ትነግረኛለህ፣ ወይ አንተው ትቀራለህ።"

ኦልጅራ እጆቹን ወደ ኋላው መለሰ። ጋሽ ኢታና ትርንጎን አሰቡ። ከዚያ የዚህን ሰው አራስ ሚስት አሰቡ። ጣት ለመቀሰር አንዲት ቃል ትበቃለች።

"እጠረጥራለሁ እንጂ፣ ጓድ ሊቀመንበር!" አሉ።

"ማንን?"

"ሁሉንም። አሥራ አንዱንም ተጫዋቾች፣ አሠልጣኙንም፣ ተመልካቹንም። ይሄንን በድሉን፣ ሜዳው ጋ ሲዞር አየዋለሁ። ባለቤቴን ትርንጎንም፣ ቆሎዋን በምን ወረቀት እንደምትጠቀልለው እንጃላት። ደግሞ ይቅር ይበሉኝና፣ የፊት ወንበር ላይ የሚቀመጡትንም።"

"እኔን?!"

"እንጀራዬ ነው። አማቼን ይጠይቁ።"

በድሉ ጠብመንጃውን ጨበጥ አደረገ። ጓድ ፈቃደ ግን ረጅም ትንፋሽ ተነፈሰ። ልደታ ውስጥ ይህን ሰውዬ የማያውቅ የለም፤ ካልሲ የሚያስወልቅ ሰው! እሱን ይዞ ከፍተኛው ፊት ቢቀርብ የእግር መሐሉም ወሬ አብሮ መውጣቱ ነው። "ግድግዳው ዛሬውኑ ይቀባ" አለ በመጨረሻ። "ስለ ሦስቱ ማንም እንዳያወራ! ሂዱ ከፊቴ።"

ሁለቱ በረኞች ተያይዘው ወጡ። ልደታ ማርያም መታጠፊያ ሲደርሱ ኦልጅራ ቆም አለ።

"ጋሼ፣ እኔ እኮ…"

"ምንም አትንገረኝ" አሉት። "ከሰማሁ አውቃለሁ፤ ካወቅሁ ደግሞ ይጠይቁኛል።"

ጋሽ ኢታና አከሉበት፦

"ከዛሬ ጀምሮ መረቡን የምሰቅለው እኔ ነኝ። ቁልፉንም እለውጠዋለሁ። አሁን ቤትህ ግባና እጅህን ቅቤ ቀባ፤ አራሷ ቤት ቅቤ አይጠፋም።"