በፍልሰታ የተሠራ ነጭ ስጎ

ወንድሜ ከአምቦ ደውሎ «እማዬ እኮ የእንጉዳይ ስጎ ሠርታ በፓስታ አበላችን» ሲለኝ ሰመራ፣ የምሠራበት ክሊኒክ በረንዳ ላይ ቆሜ ነበር። ሙቀቱ ስልኩን ከጆሮዬ ጋር አጣብቆታል። እያላገጠብኝ ነው ብዬ ጠረጠርኩ።

«የማን እማዬ?» አልኩት።

«የኛ ነቻ! ደግሞ ነጭ ነው፣ ክሬም የመሰለ።»

«በፍልሰታ?»

«የጾም ነው ባክሽ፣ በሱፍ ነው። እንደ ሌሊሴ ነው የሠራሁት አለችኝ።»

ሌሊሴ እኛ ግቢ በነበረችበት ክረምት እሱ ገና በእናቴ ጀርባ የሚታዘል ሕፃን ስለነበረ ስሙ ምንም አላለውም። እኔን ግን ወንበር ፈልጌ እንድቀመጥ አደረገኝ። ከዚያ ክረምት ወዲህ ያን ስም ከእናቴ አፍ ሰምቼው አላውቅም ነበር።

ልጅ እያለሁ እኛ ግቢ ስጎ ማለት ቀይ ነበር። ሽንኩርት፣ ቲማቲም፣ በርበሬ፤ በጾም ዘይት፣ በፍስክ ቅቤ ጠብ ይልበታል፣ አለቀ። ሌሊሴ ደግሞ ከካቺሲ መጥታ አምቦ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ በገለባ ላይ እንጉዳይ ከሚያበቅሉት ጋር የምትሠራ፣ የጓሯችንን ሰርቪስ ክፍል የተከራየች ልጅ ነበረች። እናቴን በኦሮምኛ «አዴ ፋንታዬ» ትላታለች፣ ወይዘሮ እንደማለት፤ እኔን «ኢንታሎ ኮ»፣ ልጄ ማለቷ ነው። እሁድ ጠዋት እኛ ነጠላችንን አጣፍተን ወደ ደብሩ ስንወጣ እሷ መጽሐፍ ቅዱሷን በብብቷ ይዛ ወደ ፕሮቴስታንቶቹ ጸሎት ቤት ትሄዳለች። በሩ ላይ ሰላም ተባብለን እንለያያለን። እናቴ ትወዳት ነበር፤ ከእጇ ግን አትበላም። አንድ ቀን ጨጓራዋ ነው፣ አንድ ቀን አሁን መብላቷ ነው፣ ብቻ ምክንያት አታጣም።

በዚያ ፍልሰታ እኔ ለበዓሉ ልቆርብ ነበር። ሱባኤውን ከትልልቆቹ እኩል ስጾም የመጀመሪያዬ ስለሆነ እናቴ ነጭ ቀሚስ አሰፍታልኛለች፤ ሳጥን ውስጥ ነው፣ በቀን በቀን ከፍቼ አየዋለሁ። በዓሉ ሊደርስ ጥቂት ሲቀረው፣ ከቅዳሴ ተመልሼ ጭቃዬን ደጃፍ ላይ ስጠርግ ሌሊሴ ጠራችኝ።

ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድበዋል። ከሰል ምድጃዋ ላይ ሽንኩርትና ነጭ ሽንኩርት በዘይት ይቁላላል። እንጉዳዩን በቢላ አልከተፈችውም፤ እንደተቀቀለ ዶሮ በጣቷ እየተረተረች ጣለችው። ውሃውን አውጥቶ መልሶ እስኪመጠው ጠበቀችና ጦስኝና ቁንዶ በርበሬ ጨመረች። ክፍሏ ዝናብ የመታው አፈር ሸተተ። ከዚያ ከጆግ ነጭ ነገር አፈሰሰች። መጀመሪያ ቀጠን ያለውን፣ መጨረሻ ላይ ወፈር ያለውን፤ «እሳቱ ከበረታ ይቋጥራል» እያለች ከሰሉን በተነችው።

«የጾም ነው?» አልኳት።

«ሱፍ ነው፤ ከጠዋት ጀምሬ ስወቅጥና ስጨምቅ ነው የዋልኩት። ለራሴ ቢሆንማ ክሬሙን ገልበጥ አድርጌ እገላገል ነበር፤ ማን ይወቅጣል!»

እኔ ሲጨመቅ አላየሁም። ያየሁት ጆጉን ነው። ፓስታው ላይ አድርጋ ስትሰጠኝ ግን ራበኝ፤ አንድ ጊዜ ጎረስኩ፣ ደገምኩ። ምላሴ ላይ ሥጋ ሥጋ አለኝ። እንዲህ የሚጥም ጾም አለ እንዴ ብዬ ልቤ ፈራ፤ እጄ ግን አላቆመም።

እትዬ ዘርፌ የደረሰችው ያኔ ነው። የእናቴ የማኅበር ጓደኛ ናት፤ እሷ የተናገረችው ነገር እስከ ደብሩ በር ይሰማል። ጃንጥላዋን ሳታጥፍ ሳህኔ ላይ አጎነበሰች።

«ፋንታዬ! ኧረ ነይ ጉድሽን እይ! ልጅሽ በፍልሰታ ክሬም ትልሳለች!»

«ሱፍ ነው፣ እትዬ» አለች ሌሊሴ።

«እኔ ሱፍ አላውቅም? ሱፍ እንዲህ ይለጠጣል? ይሄስ ምንድነው፣ ዶሮ?»

«እንጉዳይ ነው።»

«የጅብ ጥላ! ጾሟን አስገድፈሽ ሳታበቂ ልትገድዪያት ነው!»

ሌሊሴ ሳቋ መጣ፤ ያ ደግሞ እትዬ ዘርፌን ይብሱን አናደዳት። «ማሎ፣ እባክዎ ይቅመሱት» ብላ ማንኪያ ዘረጋች። እትዬ ዘርፌ እሳት የቀረበባት ይመስል ወደኋላ አለች። ሌሊሴ ጥሪውን ሰምታ መጥታ ደጃፉ ላይ ወደቆመችው እናቴ ዞረች።

«አዴ ፋንታዬ፣ እስቲ እርስዎ ይንገሯቸው።»

እናቴ የነጠላዋን ጥለት በጣቷ እየጠቀለለች «እኔ ምን አውቄ» አለች።

የበዓሉ ቀን ቀሚሱ ከሳጥን አልወጣም። የንስሐ አባታችንን ጠይቂልኝ ብዬ ባለቅስም እናቴ «ለከርሞ» ብቻ ነው ያለችኝ። በር ላይ ቆሜ የቆረቡት ልጆች አፋቸውን በነጠላ ሸፍነው ሲመለሱ አየኋቸው። አንዷ የክፍሌ ልጅ በዓይኗ ሰላም አለችኝ፤ ለምን እንደቀረሁ ከማንም ሳትሰማ አልቀረችም።

ሌሊሴን ማንም ውጪ አላላትም። ግን መስከረም ሳይጠባ ዕቃዋን ባጃጅ ላይ ጫነች፤ እናቴም ከቤት አልወጣችም። «ነጋቲ ኢንታሎ ኮ» አለችኝ፣ ደህና ሁኚ ስትለኝ። እኔ እጇን እያየሁ በልቤ ሱፍ ነው ክሬም ነው እል ነበር። ጥርጣሬው አብሮኝ አደገ። እዚህ ሰመራ እንኳ የጾም ምግብ ሳዝ፣ ነጣ ያለ ነገር ካየሁ አስተናጋጁን ጠርቼ ምን እንዳለበት ሳልጠይቅ አልጎርስም፤ ልጁ ስሜን ትቶ «መርማሪዋ መጣች» ይለኛል።

ወንድሜ እንደዘጋ ለእናቴ ደወልኩ። ከጤና ጀምሬ፣ ዝናቡን ጠይቄ፣ ቀስ ብዬ ገባሁበት።

«እማዬ፣ ስጎውን ማን አሳየሽ?»

«ማን ያሳየኛል፤ ስትሠራ አይቼ ነዋ። ሁለት ጊዜ ነው የሚጨመቀው፤ በሻሽ።»

«ስትጨምቅ አይተሻታል?»

«ጠዋት ደጃፏ ላይ ተቀምጣ ስትወቅጥ፣ እኔ ልብስ አሰጣ ነበር።»

«ያን ቀን? እትዬ ዘርፌ በመጣች ቀን?»

  

«አዎ፣ ያን ቀን። ዘርፌ እያየችኝ ምን ልበል?» አለች። «ልጇን ከጴንጤ እጅ አስበላች ሊሉኝ ነው። ከዚያ ወዲያ ደግሞ እንዴት ብዬ ልመልሰው?»

አሁን እንጉዳይ አምቦ ገበያ በላስቲክ ተቋጥሮ ይሸጣል፤ ካፌዎቹም የጾም ፓስታ በእንጉዳይ ብለው በር ላይ ይለጥፋሉ አሉ። እትዬ ዘርፌ ከእናቴ ድስት ቀምሳ «ጨው አነሰው» ብላ ሁለተኛ አስጨምራለች። እኔም ያ በዓል ካለፈ በኋላ ስንት ጊዜ ቆርቤያለሁ፤ እግዚአብሔር ይመስገን፣ የእኔስ ከርሞ ደርሷል። ሌሊሴ ግን ጾም አስገዳፊ ተብላ እንደወጣች ነው፤ ስሟን ማንም አልመለሰላትም።

ስለዚህ በዚያ ክረምት እኛ ግቢ የነበራችሁ፣ ከእሷም ጋር ገለባ ላይ እንጉዳይ ያበቀላችሁ፤ ሌሊሴ የት እንዳለች የምታውቁ እባካችሁ ንገሩኝ። ይቅርታውን በእኔ በኩል እንዳታደርሱላት፤ እሱ የእናቴ ነው፣ በራሷ አፍ ትበለው። ለእረፍት ስመጣ ካቺሲም ይሁን ከዚያ ወዲያ ራሴ እናቴን ይዤ እሄዳለሁ። መንገዱን ብቻ ጠቁሙን።