ጨዋታውን ያጠፋሁበት ቀን

«አጠፋሁ» የሚል ቃል ከአፌ ወጥቶ አያውቅም ነበር። ትምህርት ቤት ግምገማ ሲኖር ከሁሉ ቀድሜ እጄን አወጣና «ክፍተት ነበረብኝ»፣ «ውስንነት ታይቶብኛል» እላለሁ፤ ያ ቀላል ነው። ክፍተት የማንም አይደለም፣ ግድግዳም ክፍተት አለው። «አጠፋሁ» ግን ባለቤት ያለው ግሥ ነው፤ ባለቤቱም እኔ መሆኔ ነው የከበደኝ። ከእናቴ ጀምሮ እስከ ርዕሰ መምህሩ ድረስ ማንም ሰው ሲቆጣኝ መልሴ አንድ ጥያቄ ነበር፤ «ምን አጠፋሁ?»

ሸዋ ሮቢት የመጣሁት የጂኦግራፊ አስተማሪ ሆኜ ተመድቤ ነው። የደጋ ልጅ ነኝና የመጀመሪያውን ዓመት ያሳለፍኩት ጥላ ለጥላ ስሄድ ነው። በሁለተኛው ዓመት ከጤና ጣቢያው ነርሶች አንዷን አገባሁ። እሷ የዚያው የቀወት ወረዳ ልጅ ናት፤ አባቷ ከከተማው ወጣ ብሎ ባለው ገጠር ማሽላና ማሾ የሚያመርቱ ገበሬ ናቸው። እኔ ላብ በላብ ሆኜ ስነጫነጭ «ዛሬማ ነፋስ አለ እኮ» ትለኝ ነበር፤ ከልቧ ነው የምትለው።

በሦስተኛው ዓመት ከአዲስ አበባ ያገለገለ ኮምፒውተር አስመጣሁ፤ ሞባይል በየሰው ኪስ መግባት የጀመረበት ሰሞን ነው። ጀርባው ያበጠ፣ ጠረጴዛውን ሙሉ የያዘ ኮምፒውተር ነበር። ለፈተና ማዘጋጃ ነው አልኳት፤ እውነትም አንድ ፈተና አዘጋጅቼበታለሁ። ውስጡ ግን የቀድሞው ጌታው ትቶት የሄደ የመኪና እሽቅድድም ነበር። መንጃ ፈቃድ የለኝም፣ ባጃጅ ውስጥ እንኳ ስቀመጥ ብረቱን ጨምድጄ የምይዝ ሰው ነኝ፤ እዚያ ውስጥ ግን ቀይ መኪና ነበረኝ፣ በሰዓት ሁለት መቶ ኪሎ ሜትር እበር ነበር። በቤታችን ያለችውን አንዲት ቬንትሌተር ማሽኑ እንዳይግል ብዬ ወደሱ አዞርኳት። ባለቤቴ ምሳ ስትበላ በካርቶን ክዳን ታራግባለች፣ ኮምፒውተሩ ነፋስ ይመታዋል። ይህን አሁን ስጽፈው ያሳፍረኛል፤ ያኔ ግን አልታየኝም።

የተጣላነው እሷ ደብረ ብርሃን ለአንድ ሳምንት ሥልጠና ሄዳ በተመለሰችበት ቀን ነው። «ደብረ ሲና ደርሰናል፤ ቆሎ ገዝቼልሃለሁ። ዕቃ በዝቶብኛልና መናኸሪያ ጠብቀኝ» ብላ ደወለችልኝ። «እሺ» አልኳት። ከደብረ ሲና ቁልቁል እኛ ጋ ለመድረስ አንድ ሰዓት ያህል ይፈጃል፤ እኔ ደግሞ የቀረኝ ጥቂት ዙር ብቻ ነው። ስልኬ ያልታረመ የፈተና ወረቀት ሥር ተቀብሮ ሲጮህ እየሰማሁ አልሰማሁም። በመጨረሻ በራችን ላይ ባጃጅ ቆመ። አንድ ጆንያ ድንችና ጎመን፣ አንድ የልብስ ሻንጣ፣ አንድ ፌስታል ቆሎ ይዛ ገባች። እኔ አንገቴን ሳላዞር «መጣሽ? አንዴ ይቺን ዙር ልጨርስ» አልኳት።

ባጃጁ ገና አልዞረም ነበርና ጆንያውንም ሻንጣውንም ፌስታሉንም መልሳ ጫነችና ወደ አባቷ ቤት ሄደች። እኔ ዙሩን ጨረስኩ። ሦስተኛ ወጣሁ።

በዚያ ሳምንት ለጠየቀኝም ላልጠየቀኝም «ምን አጠፋሁ?» እያልኩ ዞርኩ። አንዱን ቀን የትምህርት ቤታችንን የኮምፒውተር አስተማሪ ይዤ ታሪኩን ከመነሻው ተረኩለትና «እስቲ ፍረድ፣ ምን አጠፋሁ?» አልኩት። እሱም ሻዩን እያማሰለ «ምንም አላጠፋህም፤ ችግርህ እሱ ነው» አለኝ። የደገፈኝ መስሎኝ ደስ ብሎኝ ቤቴ ደረስኩ። ነገሩ የገባኝ በሩን ከፍቼ ኮምፒውተሩ እንደበራ ሳየው ነው።

ለሽምግልና መጀመሪያ የተነሡት አከራዬ ሐጂ ናቸው። የእሳቸውና የእኛ ቤት በአንድ ግድግዳ ነው የሚዋሰነው። «ልጄ» አሉኝ በሬ ላይ ቆመው፣ «ከግድግዳው ወዲያ የምሰማው የመኪና ድምፅ ብቻ ሆነ። የሰው ድምፅ የታለ?» የሰፈሩን የዕድር ዳኛና አንድ አንጋፋ አስተማሪ ይዘው ገጠር ድረስ ሄዱልኝ። ሲመለሱ ሐጂ የአማቴን ቃል እንዳለ አመጡት፤ «ልጄ ከሰው ተጣልታ ብትመጣ ሰውየውን አስጠርቼ አነጋግረው ነበር። ከጨዋታ ተጣልታ ስትመጣ ማንን ልጥራ? እኔ ጨዋታ የምጠላ ሰው አይደለሁም፣ ቤቴም ጨዋታ አጥቶ አያውቅም። ብቻውን የሚጫወት ሰው ግን አላየሁም። ይጥፋ። በገበያ ቀን ይዣት እመጣለሁ፤ መጥፋቱን በዓይናችን ካየን ትቀራለች፣ ካላየን ይዣት እመለሳለሁ።»

እዚህ ላይ አንድ ነገር ሳልደብቅ ልናገር። ባለቤቴ ናፍቃኛለች፤ ቤቱ ውስጥ የሷ ድምፅ ስለሌለ እጄን ስታጠብ እንኳ ከራሴ ጋር እነጋገር ነበር። ቀይ መኪናዬን መተው ደግሞ አልቻልኩም። ስለዚህ ስክሪኑ ላይ ያለችውን ትንሽዬ የመኪና ሥዕል ጎትቼ እዚያው ስክሪኑ ላይ ባለችው የቆሻሻ ቅርጫት ውስጥ ጣልኳት። ጨዋታው ራሱ በግራ ጥግ ከታች ሲገቡ እንዳለ እንደሚገኝ አውቅ ነበር። እንደማላውቅ ሆንኩ።

የገበያው ቀን ደረሰ። አማቴ ከነ ዱላቸው ገቡ፣ ባለቤቴ ከኋላቸው። ከስታ ይሁን ወይም ለእኔ እንዲያ መስሎኝ አላውቅም። ሦስቱ ሽማግሌዎች ተደርድረው ተቀመጡ። ሐጂ ጉሮሯቸውን ጠረጉና «በል እንግዲህ አስተማሪው፣ አማትህ ፊት ተናገር። አጥፍተሃል?» አሉኝ።

«አጥፍቻለሁ» አልኩ። ስለ ሥዕሏ ነበር።

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። የዕድሩ ዳኛ «ጎሽ፣ የወንድ ልጅ ቃል» አሉ። አንጋፋው አስተማሪ፣ በየግምገማው የሚያውቁኝ ሰው፣ መነጽራቸውን አውልቀው አዩኝ። አማቴ ደግሞ «የተማረ ሰው ጥፋቱን ቶሎ ያምናል ብዬ አልጠበቅሁም» ብለው ዓይናቸውን በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉ። ያን ጊዜ ነው የገባኝ። እኔ ስለ ኮምፒውተሩ መናገሬ ነው፣ እነሱ ይቅርታ የጠየቅኩ መስሏቸዋል። ማረም ነበረብኝ። ምርቃቱ ሲጀመር ግን ዝም ብዬ «አሜን» አልኩ።

«አንዴ ቆዩ» አለች ባለቤቴ። «የቱን ነው ያጠፋኸው?»

ጤና ጣቢያው ውስጥ ወርሃዊ ሪፖርት የምትጽፈው እሷ ናት፤ ኮምፒውተር ከእኔ ይልቅ ትችላለች። ሄዳ ተቀመጠችና ማሽኑን አበራች። ስክሪኑ ንጹሕ ነው፣ መኪና የለም። ልቤ መለስ አለ። እሷ ግን ወደ ግራ ጥግ ወረደች፣ ዝርዝሩን ከፈተች፣ አንዴ ነካች፤ ቤቱ በሞተር ጩኸት ተሞላ።

«ይቺው ናት» አሉ ሐጂ፣ «ወላሂ፣ የቀትር ዙሁር ሰላቴን የምታሳስተኝ ይቺው ናት።»

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስታዬ ነበር። ማንም ግን ወደ እኔ አልዞረም፤ ሁሉም ስክሪኑን እያዩ ነው። አማቴ ወንበራቸውን ወደ ስክሪኑ ጠጋ አደረጉና «እስቲ ትሂድ፣ ልያት» አሉ። ባለቤቴ የቀስት ምልክት ያለበትን ቁልፍ ተጫነች። ቀይዋ መኪና ተፈተለከች። መንገዱ ወደ ቀኝ ሲታጠፍ አማቴ ከነወንበራቸው ወደ ቀኝ ዘመሙ፤ ወደ ግራ ሲታጠፍ ሦስቱ ሽማግሌዎች አብረዋቸው ወደ ግራ። «ያዢው፣ ያዢው ልጄ» ይላሉ አማቴ። መኪናዋ ገደል ገባች። «ጣርማ በር ቁልቁለት ላይ እንዲህ ነው የሚነዱት» አሉ የዕድሩ ዳኛ አዝነው። አማቴ «ደስ ይላል እኮ» ካሉ በኋላ የመጡበት ጉዳይ ትዝ አላቸውና ቀና ብለው ተቀመጡ። «ይጥፋ» አሉ።

ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። ተቆጥተው አልነበረም፤ የሚያስረዱኝ ነው የሚመስሉት። «አቀንጭራ የሚባለውን አረም ታውቀዋለህ? ማሽላዬ ውስጥ ይበቅላል። ከላይ ቀጥፌ ስጥለው የጠፋ ይመስለኛል፤ ዘሩ ግን መሬት ውስጥ አለ። አንተም ከላይ ነው የቀጠፍከው። ከነዘሩ የሚያጠፋ ሰው አስመጣ።»

የኮምፒውተር አስተማሪውን ደወልኩለት። በባጃጅ መጣ፤ ሽማግሌዎቹን ሲያይ ደንገጥ አለና እጅ ነሥቶ ማሽኑ ፊት ተቀመጠ። አንድ ዝርዝር ከፍቶ ጨዋታውን መረጠ። አንዲት ትንሽ መስኮት ብቅ አለች።

«ምን አለ?» አሉ ሐጂ።

«በእርግጥ ማጥፋት ትፈልጋለህ? እያለ ነው።»

«ወይ ጉድ፣ ይሄም ይሸመግላል» አሉ ሐጂ።

አዎ የሚለውን ነካው። አረንጓዴ መስመር ቀስ እያለች ሄደችና ሞላች። እኔ ያለቀ መስሎኝ ተነሣሁ። «ገና ነው» አለ። «ርዝራዥ አለው።» ርዝራዥ የሚለውን ቃል በዚያ ዘመን የምንሰማው በስብሰባ ላይ ብቻ ነበር፤ የዕድሩ ዳኛ ወንበራቸው ላይ ተስተካክለው ተቀመጡና «የምን ርዝራዥ?» አሉ። «ጨዋታው ቢወጣም ሲጫወት ያስቀመጠው ሁሉ እዚህ ቀርቷል» አለና አንድ አቃፊ ከፈተ። እያንዳንዱ የተጫወትኩት ዙር ከነቀኑ ከነሰዓቱ ተደርድሯል። መርጦ ሊሰርዘው ሲል ባለቤቴ እጇን ትከሻው ላይ አደረገች።

«ቆይ፣ አትንካው» አለች። ጎንበስ ብላ ማንበብ ጀመረች። «ይቺ የጎረቤታችን ተዝካር ቀን ናት። ፈተና እያረምኩ ነው ብለኸኝ ብቻዬን ሄድኩ። ይቺ ደግሞ ወባ ይዞኝ የተኛሁበት ቀን ናት፤ መድኃኒት ቤት ወረፋ በዝቶ ነው የቆየሁት ብለኸኝ ነበር።» ድምጿ ውስጥ ቁጣ የለም፤ በሽተኛ ካርድ እንደምታነብ ነው የምታነበው። ዝርዝሩን ወደ ታች ወረደችው። የመጨረሻዋ መስመር ላይ ስትደርስ ጣቷን ስክሪኑ ላይ አሳረፈች።

«አሥር ሰዓት ከአርባ» አለች። «አሥር ሰዓት ከአርባ ላይ እኔ መናኸሪያው አጥር ሥር ጆንያዬ ላይ ተቀምጬ እየደወልኩልህ ነበር። አጠገቤ የነበሩ ሴትዮ ‹የሚቀበልሽ የለም ወይ?› አሉኝ። ‹አለ፣ እየመጣ ነው› አልኳቸው።»

እስካሁን ድረስ ከዚያ ሁሉ ይበልጥ የሚያመኝ ያ «እየመጣ ነው» ያለችው ነው። እኔ ቀይ መኪና ስነዳ እሷ እዚያ ፀሐይ ላይ ለማታውቃቸው ሴትዮ ስለ እኔ ትመሰክር ነበር። ማንም አልጠየቀኝም፣ አማቴም መሬት መሬት ያያሉ።

«አጠፋሁ» አልኩ።

የኮምፒውተር አስተማሪው ስክሪኑ ላይ እንዳፈጠጠ «ኧረ ገና አልጠፋም፣ እኔ ምንም አልነካሁም» አለ።

ባለቤቴ ሳቋን ለመያዝ ሞከረች፤ አልሆነላትም። አፏን በነጠላዋ ሸፍና ወገቧን ይዛ ሳቀች። ምን እንደተባለ ዘግይቶ የገባቸው አማቴ ተከተሉ፣ ከዚያ ሐጂ፣ ከዚያ ሁሉም። የኮምፒውተር አስተማሪው ብቻ በማን እንደሚሳቅ ለማወቅ ይዞር ነበር። እኔ ዓይኔ እንባ ሞልቶ እየሳቅኩ ነበር፤ በሠርጌ ቀን እንኳ ያን ያህል ደስ ብሎኝ የሚያውቅ አይመስለኝም። ቃሉ ወጥቶ እንዳልገደለኝ አየሁ።

ባለቤቴ ስትረጋጋ አስተማሪውን «ተነሥልኝ፣ የቀረውን እኔ ላጥፋ» አለችው። ተቀመጠች፣ ያን ሁሉ ቀንና ሰዓት አንድ ላይ መረጠችና ሰረዘችው። ቅርጫቷንም ከፍታ ባዶ አደረገቻት። ምንም ሳይቀር።

«አጠፋሽ?» አሉ ሐጂ።

«አጠፋሁ፣ ሐጂ።»

ሐጂ ወደ ሁለቱ ሽማግሌዎች ዞሩ። «ሰማችሁ? እሱም አጥፍቷል፣ እሷም አጥፍታለች። በሽምግልና ዘመኔ እንዲህ የቀለለኝ ነገር የለም። በሉ አፉ ተባባሉ።» የዕድሩ ዳኛም «ይቅር ለእግዚአብሔር ተባባሉ» አሉ። ተባባልን፤ ጉንጯን ስስም የገጠር አቧራና የጤና ጣቢያ ሳሙና ሸተተችኝ።

ሄጄ ቬንትሌተሯን አዞርኳት። ነፋሱ መጀመሪያ እሷን፣ ቀጥሎ አማቴን መታቸው፤ አማቴ ጋቢያቸውን ከአንገታቸው ፈታ አደረጉ። ለሽማግሌዎቹ የማቀርበው ነገር ፈልጌ ጓዳ ገብቼ ብፈትሽ ባዶ ነው። ያኔ ፌስታሉ ትዝ አለኝ።

«ያ የደብረ ሲና ቆሎስ?» አልኳት ባለቤቴን።

እሷ አባቷን አየች። አማቴ ዱላቸውን ከአንዱ እጃቸው ወደ ሌላው አዛወሩ፣ ሳል ሳል አደረጋቸው፣ ከዚያም ሽማግሌዎቹን በየተራ አይተው «እሱንስ ያጠፋሁት እኔ ነኝ» አሉ።