ከጥቁር ውሃ ማዶ የቀረ ቤት

ከባሕር ዳር የተነሣሁት ማክሰኞ ንጋት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ነው። ለጎረቤቶቼ ዘመድ ልጠይቅ ነው ብያቸዋለሁ። የምሄደው ግን ለመመስከር ነበር፤ ሁሉን ነገር ለሁሉ ሰው አልናገርም። ቦርሳዬ ውስጥ አንድ ቅያሪ ቀሚስ፣ የደም ግፊት ክኒኔ እና በጋዜጣ የተጠቀለለ የደረቀ የበሬ ቆዳ ጠፍር ነበሩ። ጠፍሩ አርባ ዓመት ሊሞላው ጥቂት እስኪቀረው ድረስ በቁም ሣጥኔ የታችኛው መሳቢያ ውስጥ ተቀምጦ ኖሯል።

የተወለድኩት ከቢቸና ወጣ ብሎ ቀጋ አፋፍ በሚባል ትንሽ ሰፈር ነው። ካርታ ላይ አይገኝም። መታወቂያዬም ላይ የትውልድ ቦታዬ ቢቸና ተብሎ ነው የተጻፈው። እኔው ራሴ ሠላሳ ዓመት መዝገብ ቤት ስሠራ የስንቱን ሰው የትውልድ ቦታ በቅርቡ ከተማ ስም ጽፌ አሳልፌያለሁ። ለጸሐፊ ይቀለዋል።

ሙሉ ባለፈው ሳምንት ደወለችልኝ። ሙሉ አብሮ አደጌ ናት፤ ከቀጋ አፋፍ ወጥታ አታውቅም።

«አሰጉ፣ ጎጦቹ እንደገና ሊመዘገቡ ነው» አለችኝ። «የአያ ይሁኔ ቤት የእኛ ነው አይደለም የሚለው አከራክሯል። እዚህ የሚኖር ሰው ቢመሰክር አይሆንም አሉ፤ ለራሱ ያዳላል ተባለ። እዚሁ ተወልዶ ሌላ አገር የሚኖር ሰው አምጡ አሉን። ከእኛ ጊዜ ሰው ደግሞ ማን ቀረ?»

«እመጣለሁ» አልኳት።

ምን ብዬ እንደምመሰክር አልጠየቀችኝም። እኔም አልነገርኳትም። የምሄደው አይደለም ልል ነበር።

ወደ ሞጣ

መንገዱ ክፍት ነው በተባለበት ሳምንት ሁሉም የሚጓዝ ይመስል መናኸሪያው ሞልቶ ነበር። ለሞጣ አራት መቶ ብር ከፍዬ ከሹፌሩ ኋላ ተቀመጥኩ። አዴትን እስክናልፍ አቧራው በመስኮት ይገባ ነበር። ከዚያ ወዲያ ግን የጤፍ አጨዳው ወር ነውና ሜዳው ሁሉ ወርቅማ ሆኖ ታየኝ። አጫጆች ጎንበስ ብለው በመደዳ ይሄዳሉ፤ ነዶው ከኋላቸው ይቀራል። አጠገቤ የተቀመጡት አዛውንት ቆሎ ዘግነው ሰጡኝ።

«ወዴት ነው እመቤት?»

«ወደ ቢቸና።»

«ለደግ ነው?»

«ለምስክርነት» አልኩ ሳላስበው። ለማላውቀው ሰው መናገር ይቀላል።

«እንግዲህ እግዜር እውነቱን ያናግርዎት» ብለው ወደ መስኮቱ ዞሩ። ነገሩን አልወደድኩትም። እውነቱን ከእኔ በላይ የሚያውቅ አልነበረም።

ሞጣ ስንደርስ አምስት ሰዓት ሆኗል። ከመናኸሪያው ፊት ለፊት ባለ ምግብ ቤት በመቶ ሃያ ብር ተጋቢኖ በላሁ፤ በሸክላ ሆኖ እየፈላ ነው የመጣው። ድሮ እናቴ ለገበያ ሞጣ ድረስ የመጣች ቀን ስለዚህች ከተማ ማታ እሳት ዳር አውርታ አትጠግብም ነበር። እኔ ሞጣን ያየሁት እሷ ከሞተች በኋላ ነው፤ ከአገር ስወጣ።

በጉንደወይንና በደብረ ወርቅ

ከሞጣ በሚኒባስ ወደ ቢቸና አቀናን። ጮቄ በስተቀኝ በኩል ደመና ተከናንቦ ከሩቅ ይታያል። ጉንደወይን ላይ ወደ መርጡለ ማርያም የሚሄዱ ዲያቆናት ወረዱ። በደብረ ወርቅ በኩል እስክናልፍ ድረስ ስለ ጠፍሩ እያሰብኩ ነበር። ለአንባቢም እዚህ ላይ ብነግር ይሻላል።

በእኛ ሰፈር የታመመ ሰው ወደ ከተማ የሚወሰደው በቃሬዛ ነው። ሁለት ረጃጅም እንጨቶች ናቸው፤ መካከላቸው በቆዳ ጠፍር ይጠላለፋል። ጠፍሩን የሚያዋጣው እያንዳንዱ ቤት ነው፤ ለአንድ ቤት አንድ ጠፍር። ጠፍር ያለው ቤት ሲታመም ይሸከሙታል፣ ሌላው ሲታመም ይሸከማል። አዲስ ጎጆ የወጣ ሰው መጀመሪያ የሚጠየቀው ጠፍሩን ነው። የሰፈሩ ሰው ማን እንደሆነ ማወቅ የፈለገ ቃሬዛውን ገልብጦ ይቆጥራል።

በገበሬ ማኅበር ጊዜ ወሰን ሲከለል ጥቁር ውሃ የሚባለው ጅረት ድንበር ይሁን ተባለ። ጸሐፊው ይሁኔ ነበር፤ ያኔ ሠላሳ ያልሞላው ጎበዝ፣ ከቄሶቹ ሌላ በሰፈሩ ብዕር የሚይዝ እሱ ብቻ። የእናቴ ቤት ከጅረቱ ማዶ ሃያ እርምጃ ያህል ወጣ ብሎ ነበር። የሊቀመንበሩ ወንድም ቤትም ማዶ ነበር፤ ለእሱ ሲሆን መስመሩ ታጠፈ። ለባሏ ለሞተባት ሴት ግን አልታጠፈም። በሳምንቱ ይሁኔ የእናቴን ጠፍር ከቃሬዛው ፈትቶ በሰው ላከላት። እናቴ ጠፍሩን ጣሪያው ሥር ሰካችው።

በዓመቱ ነሐሴ ላይ ታመመች። ጅረቱን ተሻግሬ ሮጥኩ። ቃሬዛው ይሁኔ ቤት ደጃፍ ቆሟል። «እናትሽ በእኛ መዝገብ የለችም፤ ወደ ማዶ ሰዎች ሂጂ» አለኝ። የማዶዎቹ ሰዎች ቤታቸው ሩቅ ነው፤ ተሰባስበው እስኪመጡ ቀኑ ተጋመሰ። ቢቸና ሳንደርስ አረፈች።

ቢቸና አመሻሹ ላይ ገባን። ጠዋት ባጃጅ እስከሚደርስበት ድረስ በባጃጅ ልሄድ ብዬ አንድ አልጋ ተከራየሁ።

ቀጋ አፋፍ

የባጃጁ ሹፌር ቀጋ አፋፍን አያውቅም።

«ላይ ሰፈርን አውቃለሁ» አለኝ።

«ላይ ሰፈር ሌላ ነው።»

«እማማ፣ ለእኛ ሁሉም ላይ ሰፈር ነው» አለና ሳቀ። ባጃጁ ከማይሄድበት አፋፍ ላይ አውርዶኝ ተመለሰ፤ የቀረውን በእግሬ ወረድኩ።

ቀጋው በስሏል። ቁልቁለቱ ሁሉ ቀይ ፍሬ ነው። አንድ ቆርጬ ቀመስኩ፤ ጎምዛዛ ነው፣ ውስጡ ፀጉር አለው። ልጅ ሆነን ከሙሉ ጋር ቀሚሳችን እስኪሞላ ለቅመን፣ ፀጉሩ ጉሮሯችንን እየበላን እንስቅ ነበር። ከእናቴ ቤት ፍም በገል ይዘን ጅረቱን ስንሻገር እንዳይጠፋ ተራ በተራ እንተነፍስበት ነበር። አንድ ደቂቃ ያህል ለምን እንደመጣሁ ረሳሁት።

ሙሉ ደጃፏ ላይ ጠበቀችኝ። ጥርሷ አልቋል፤ ወገቧ ግን እንደ ድሮው ቀጥ ያለ ነው። ትከሻዬን ደጋግማ ሳመችኝና ቦርሳዬን ልትቀበለኝ እጇን ዘረጋች። አልሰጠኋትም።

«ወርቅ ይዘሽ ነው እንዴ የመጣሽው?» አለችኝ።

«ምን ወርቅ አለኝ።»

«እንግዲያው ቆዳ ነው» አለች ዐይኗን ጠበብ አድርጋ። «አውቅሻለሁኮ አሰጉ። አንቺ ምንም አትጥይም።»

ቃሬዛው ዘንድሮ በተራ እሷ ቤት ነው። ደጁ ላይ ተዘርግቶ ነበር። የሰፈሩ ሰው በአጥሩ ጥግ ተቀምጧል። ከወረዳ የመጣችው ባለሙያ ሰዓዳ ትባላለች፤ የደሴ ልጅ ናት፣ ከተመደበች ገና ሁለተኛ ዓመቷ። ጉልበቷ ላይ ቅጽ ዘርግታ ጠበቀችኝ። ከሰዎቹ ራቅ ብሎ ከዘራውን ተደግፎ የተቀመጠው ይሁኔ ነው። አርጅቷል። እንደዚህ ያረጃል ብዬ አልጠበቅኩም ነበር።

«እናቴ፣ መጀመሪያ ነገሩን ላስረዳዎት» አለችኝ ሰዓዳ። «ጎጥ ለመባል ቤቶቹ ተቀራራቢ መሆን አለባቸው፤ በአንድ ወሰን ውስጥ መሆን አለባቸው፤ ብዛታቸውም መሙላት አለበት። ወሰን የሚባለው ወንዝ፣ ገደል፣ መንገድ ነው። ቀጋ አፋፍ ቆጥረን አንድ ቤት ጎደለው።»

«አንድ?»

«አንድ። የአባባ ይሁኔ ቤት ቢጨመር ይሞላል። ግን ከጅረቱ ማዶ ነው።»

ሙሉ ጣልቃ ገባች። «የድሮ ቤቱን ናዳ ወሰደበት። ከዚያ ማዶ ሠራ፤ ከእናትሽ ቤት ፍርስራሽ እዚያው አጠገብ።»

«ወንዝ የተሻገረ ቤት የሚገባው ከጥንት ጀምሮ አብሮ የኖረ መሆኑን በነገሩ ጥቅም የሌለው ሰው ከመሰከረ ብቻ ነው» አለች ሰዓዳ።

«ካልመሰከረስ?»

«ሁሉም ላይ ሰፈር ተብሎ ይመዘገባል። ቀጋ አፋፍ የሚለው ስም አይኖርም።»

ይኼን ሙሉ በስልክ አልነገረችኝም። ዘወር ብዬ አየኋት። እሷ መሬት መሬት ታያለች።

የመጣሁት አንድን ሰው ከወሰን ውጭ ላደርግ ነበር። በገዛ መስመሩ፣ በዚያው ጅረት። ስንት ሌሊት ያሰብኩት ነገር ነው። አሁን ግን እሱን ካወጣሁት እናቴ የተወለደችበት፣ እኔም ፍም ተሸክሜ የተመላለስኩበት ቦታ አብሮ ይወጣል። ስሙን የሚያውቀው ሰው ሁሉ እዚያ አጥር ሥር ተቀምጦ ነበር፤ ወጣቶቹ ጥቂት ናቸው።

ወደ ይሁኔ ዞርኩ። «አያ ይሁኔ፣ እናቴ ታማ ነሐሴ ላይ ደጅዎ ስመጣ ምን እንዳሉኝ ያስታውሳሉ?»

«አሰገደች ነሽ?» አለ። ዐይኑ ደከም ብሏል።

«እኔ ነኝ።»

«አስታውሳለሁ።»

«ለዚች ልጅ ይንገሯት።»

አንዲት ሴት የሚያለቅስ ልጅ ይዛ ወጣ አለች። ይሁኔ ከዘራውን ሁለት ጊዜ መሬት ላይ መታ መታ አደረገ።

«እናትሽ በእኛ መዝገብ የለችም አልኳት» አለ ለሰዓዳ። «መዝገቡን የጻፍኩት እኔ ነበርኩ። ለሊቀመንበሩ ወንድም መስመሩን አጥፌዋለሁ፤ ለእናቷ ለወይዘሮ ደብሬ አላጠፍኩም። ፈርቼ ነበር ብል ውሸት ነው፤ እኔን ማንም አላስፈራራኝም። ብዕር ይዤ ነበር፣ ደስ አለኝ።»

«እናቴ ከሰፈሩ ነበረች ወይስ አልነበረችም?»

«ነበረች። ጠፍሯን የፈታሁት እኔ ነኝ። ከሌለች ምን እፈታ ነበር?»

ሰዓዳ ቅጹን አየች፣ እኔን አየች። «የሌለ ቤት የሚጻፍበት ቦታ እዚህ ላይ የለም፣ እናቴ።»

«ጀርባው ባዶ ነው» አልኳት። «እኔ መዝገብ ቤት ነው የሠራሁት፤ ማንኛውም ወረቀት ጀርባ አለው።»

ጥቂት አሰበችና ገለበጠችው። ወይዘሮ ደብሬ ከጥቁር ውሃ ማዶ የቀጋ አፋፍ ነዋሪ ነበሩ ብላ ጻፈች። አንብቢልኝ አልኳት፤ አነበበችልኝ። ይሁኔ ፈረመ። ፊደሉ አሁንም ያምራል።

«እሺ፣ አሁን የእርስዎ ምስክርነት» አለችኝ ሰዓዳ። «አቶ ይሁኔን በምን ያውቋቸዋል?»

«በክፋቱ» አልኳት።

አንድ ሁለት ሰው ሳቀ። ሙሉ በክርኗ ጎሸም አደረገችኝ።

«ጻፊ፣ ልጄ። እኔ ባሕር ዳር ስኖር ብዙ ሰው በድሎኛል፤ ስማቸውን አላስታውስም። ይኼን ሰው ግን አንድም ነሐሴ ሳላስታውሰው አላለፈም። ሰው ባዕድን እንዲህ አይቀየምም። ከእኛ ነው። ቤቱ ማዶም ይሁን ወዲህ የቀጋ አፋፍ ሰው ነው።»

ሰዓዳ ሁሉንም አልጻፈችውም፤ የመጨረሻውን ብቻ ጻፈች። ፈረምኩ።

ጠፍሩ

ከዚያ ጋዜጣውን ፈታሁ። ጠፍሩን ያመጣሁት ይሁኔ ፊት ልወረውረው ነበር። ግን በጉልበቱ ላይ አኖርኩት። በጣቱ ዳሰሰውና ወዲያው አወቀው።

«መልሰው ቃሬዛው ላይ ይሰሩት» አልኩት። «የፈታው ይሰረው።»

«እንዲህ ደርቆ አይታሰርም፤ ይሰበራል» አለ። «ውሃ ውስጥ ማደር አለበት።»

«ሌላ ሰው ይዘፍዝፈው?» አለች ሙሉ።

«እኔው እወስደዋለሁ» አለና ተነሣ። ማንም አልረዳውም፤ እኔም አልረዳሁትም። በከዘራው እየተመራ ወደ ጥቁር ውሃ ወረደ። ከላይ ሆነን ጎንበስ ብሎ ጠፍሩን ውሃው ውስጥ ሲያስገባ፣ እንዳይወስደውም ድንጋይ ሲጭንበት አየነው።

ሙሉ እደሪ ብላ ለመነችኝ። የመንገዱን ነገር ማን ያውቃል ብዬ እንቢ አልኩ። እውነቱ ግን ሲታሰር ማየት አልፈለግኩም። ይቅርታ አድርጌለት እንደሆነ ከሚጠይቀኝ ሰው ጋር አልነጋገርም።

መልስ

በዚያው መንገድ፣ በደብረ ወርቅ፣ በጉንደወይን፣ በሞጣ ተመለስኩ። አጨዳው ገፍቷል፤ ስሄድ ቆሞ ያየሁት ጤፍ ክምር ሆኖ ጠበቀኝ። በመዝገብ ቤት ዘመኔ ሁሉ ሰፈር ማለት ወረቀት ላይ የሰፈረ ነው ብዬ ስሠራ ኖሬያለሁ። ሙሉና የሰፈሩ ሰው ደግሞ አብሮ የሚሸከም ነው ይላሉ። ሁለቱም አይሞሉልኝም። እናቴ የሚሸከማት አጥታ ሞታለች፣ ያም ሆኖ ከሰፈሩ ነበረች። እሷን ሳይሸከም የቀረውም ከሰፈሩ ነው። ይኼን የሚያውቅ ቅጽ አላየሁም።

ቤቴ ስደርስ ጎረቤቴ በአጥር ብቅ ብላ «ዘመዶችሽ ደህና ናቸው?» አለችኝ።

«አንዱ አርጅቷል» አልኳት።

ገብቼ የታችኛውን መሳቢያ ከፈትኩት። ባዶ ነው፤ ሽታው ግን ቆዳ ቆዳ ይላል። ሌላ ዕቃ ላስገባበት አሰብኩና ተውኩት።