የሲራክ አምባሰልና የጃፓን ካርቱን

ሲራክ የወልድያ ኦርጋን ተጫዋች ነው፤ ጥር ከገባ ቤቱ አይገኝም። ሰው የሚወድለት ግን የጭፈራ ዘፈኑን ብቻ አይደለም። ሙሽራዋ ከእናቷ ቤት ስትወጣ የሚጫወታት አንዲት አንጀት የምትበላ ዜማ አለችው። ከውርጌሳ እስከ ወልድያ ያሉ እናቶች እሷን ሳይሰሙ ልጃቸውን የዳሩ አይመስላቸውም። «የሲራክ አምባሰል» ይሏታል፤ እሱም አንድ ቀን አይደለም ብሎ አያውቅም።

አምባሰል ግን አይደለችም። ልጅ ሳለ መርሳ፣ ጎረቤት ቤት፣ በዲሽ በአረብኛ የሚመጣ የጃፓን ካርቱን ማብቂያ ዜማ ናት። ከወሬው አንድም ቃል አይገባውም ነበር፤ ለዚህ ይሆናል ዜማዋ ብቻ ሆዱ ውስጥ የቀረችው። ዛሬም ሲጫወታት ያ ከሰዓት በኋላ፣ ያ ምንጣፍ፣ ከትምህርት ቤት ይዞት የሚመጣው ረሃብ ሳይቀር ይመጣበታል። ኦርጋን ሲለምድ ጣቱ ሳያስበው ወደዚያው ሄደ፤ ቅኝቷ ለአምባሰል ቅርብ ነውና የጠረጠረ አልነበረም። እናቶች እንባቸውን ሲጠርጉ እያየ ምን ብሎ ይናገር?

የዛሬው ሠርግ መርሳ ነው። ሙሽራዋ ቤዛዊት ደግሞ የዚያ የዲሹ ቤት ልጅ ናት፤ ካርቱኑን ያዩት አብረው ነው። ካወቀችበት ለሚዜዎቿ ትነግራለች፤ እነሱ ከስልካቸው ፈልገው ያወጡታል፤ ከዚያ በኋላ በየሠርጉ መሳቂያ መሆን ነው። ይባስ ብሎ አያ ይርጋ ዳሱ ውስጥ ተቀምጠዋል። አገር የሚያከብራቸው ማሲንቆ መቺ ናቸው፤ እሳቸው አንዴ ከሳቁበት ማንም አይጠራውም።

ሌላ ዜማ ሊጫወት ቆርጦ ነበር። መኪኖቹ ጡሩምባ ሲነፉ ግን የሙሽራዋ እናት ወይዘሮ ንግሥት መጡ።

«ሲራክ ልጄ፣ ያቺን አምባሰልህን እንዳትነሳኝ» አሉት።

ጀመረ። ጣቱ ሁለቴ ሳተ። ቤዛዊት በሚዜዎቿ መሀል ስትራመድ ቀጥ አለች። ዞራ አየችውና ቬሏን ሰብስባ ወደ እሱ መጣች። መሬት ተከፍታ ብትውጠው በወደደ።

«የካርቱኗ ናት አይደል?» አለችው ወደ ጆሮው ጠጋ ብላ።

«አዎ።»

ዓይኗ እንባ ሞላ። «መኪናው ውስጥ እስክገባ እንዳታቆም» ብላው ሄደች።

አላቆመም። ሰዉ ወደ መንገዱ ከወጣ በኋላ እንኳ እሱ ይጫወት ነበር።

የኦርጋኑን ገመድ ሲጠቀልል አያ ይርጋ ከፊቱ መጥተው ቆሙ።

«ይቺን ከማን ተማርካት?»

ሲራክ ለጠያቂ ሁሉ የሚነግራት የተዘጋጀች መልስ ነበረችው፤ ዛሬ ተዋት።

«ከጃፓን ካርቱን ነው፣ አያ ይርጋ። አምባሰል አይደለችም።»

ገመዱን እንደያዘ ወንበሩ ላይ ተቀመጠ።

«ለካ ጃፓንም ልጅ ይዳራል» አሉ አዛውንቱ፣ ከአጠገቡ እየተቀመጡ።