ስማቸው ያልተደበቀው አዛውንት

ይርገዱ በአንድ ጤና ጣቢያ አስተርጓሚ ናት። ልጅ ሳለች ጎንደር የተማረችበት የግብረ ገብ መጽሐፍ ታላቅን ማክበር ከሁሉ ይቀድማል ይል ነበር። ለሁለተኛ ዲግሪዋ በኢየሩሳሌም የሚኖሩ የቤተ እስራኤል አዛውንትን ስለ ስኳር በሽታ ስትጠይቅ፣ መምህርቷ «ስማቸውን ተይና ቁጥር ስጫቸው» ብለዋት ነበር፤ እጇ ግን እምቢ አላት። እንዴት ተብሎ አባባ ጀምበሩ «አሥራ ሰባት» ይባላሉ? ስማቸውን ከነአባታቸው ጻፈችው። ከሥሩ ደግሞ የአደራ ቃላቸውን፦ «መድኃኒቱን ከተውኩት ቆየሁ። ልጄ ሃጊት ብትሰማ ቤቴን አዘግታ ሐይፋ ትወስደኛለች።»

መልሱን የሚያሰላው የስታቲስቲክስ ፕሮግራም ፈቃድ ይጠይቃል። ዩኒቨርሲቲው ለተማሪ በነፃ ይሰጣል፤ ግን በዕብራይስጥ ማመልከት፣ መጠበቅ አለ። የአጎቷ ልጅ ደረሰ ደግሞ ማሃኔ ይሁዳ ገበያ አጠገብ ስልክ ይጠግናል።

«እኔ እያለሁልሽ ባዕድ ደጅ ትጠኚያለሽ?» አላት፣ ፕሮግራሙን ከማይታወቅ ገጽ እያወረደ። «ይሄ ፈቃድ ምናምን አይልሽም።»

«ፈቃድ ሳይጠይቅ የሚገባ እንግዳ ደግ ነው እንዴ?»

«ኧረ እቴ! የገዛ ሥጋሽን ጠረጠርሽ?»

ተሳሳቁ። ዘመድን መጠርጠር ነውር ነዋ።

ሰንብቶ ኮምፒውተሯ ተቆለፈ። «ፋይሎችሽ በእጃችን ናቸው፤ ገንዘብ ካልከፈልሽ በአደባባይ እንበትናቸዋለን» የሚል ጽሑፍ ብቻ ቀረ።

የዩኒቨርሲቲው የኮምፒውተር ባለሙያ ሻሪት አልተቆጣቻትም። ደረሰ ካወረደው ጋር የገባውን ሌባ ፕሮግራም ከማሽኑ አጽድታ፣ ይርገዱን በተማሪ አድራሻዋ ወደ ፕሮግራሙ ሠሪዎች ገጽ አስገብታ፣ ፈቃዱን አስወጣችላት። ሻይ እንኳ ሳይቀዘቅዝ ሥራው አለቀ። ይርገዱን ከቁጣ ይልቅ ያቃጠላት ይኸው ቅለቱ ነበር። ሠንጠረዡ ነጭ፣ ንጹሕ፣ ባዶ ሆኖ ተከፈተ።

«ስማቸው የተሰረቀባቸው ሰዎች ካንቺ አፍ መስማት አለባቸው» አለቻት ሻሪት።

አባባ ጀምበሩን እንደ ልማዳቸው ኢትዮጵያ ጎዳና፣ የደብረ ገነት ቤተ ክርስቲያን ግንብ ጥላ ሥር ተቀምጠው አገኘቻቸው። ሳትቀመጥ ሁሉንም ነገረቻቸው።

«ከነስሜ ነው የጻፍሽው?»

«አዎ አባባ። በቁጥር መጥራት ድፍረት መስሎኝ።»

ከዘራቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋደሙት። «እኛ በሱዳን በኩል ስንመጣ ስማችንን ውጠን የከረምነው፣ ክብር ጠፍቶን ይመስልሻል? የተደበቀ ሰው በስሙ አይጠራም፣ ልጄ።»

ይርገዱ «ይቅር ይበሉኝ» ልትል አፏን ብትከፍት፣ ቃሉ ቀለለባት።

«በይ ደውዪላት» አሉ። «ሃጊት ከሌባ ከምትሰማ ከእኔ ትስማ። ሐይፋም ከሆነ ሐይፋ ነው።»

ስልካቸውን ተቀብላ ደወለች። «አባ?» አለ የሃጊት ድምፅ። ልታቀብላቸው ስትል እጃቸውን አወዛወዙ።

«መጀመሪያ አንቺ። ማን እንደሆንሽ ንገሪያት፤ ከነአባትሽ።»

ይርገዱ ስልኩን ወደ ጆሮዋ መለሰች። «ስሜ» አለች፣ «ይርገዱ ካሴ ነው።»