ለባሕረኛው ያልተነፋችው ፊሽካ

ዛሬ ለቅሶ ደርሼ ጉድ ሆንኩ። ለቅሶ መድረስስ ደግ ነው፤ እኔ ግን አልቅሼ የመጣሁት በሕይወቴ አይቻቸው ለማላውቅ ሴትዮ ነው።

በጠዋት ከአዳማ ተነስቼ ባቱ የሄድኩት የወዳጄን ቀብር ልደርስ ነበር። ከመናኸሪያው ደጃፍ ጋሪ ይዤ፣ "ሐይቁ ዳር ያለው ለቅሶ አድርሰኝ" አልኩት ባለጋሪውን። ይኼ አድራሻ ተብሎ ይነገራል? ሐይቁ ዳር የሚሞተው ሰው አንድ ብቻ ይመስል! ባለጋሪው አልተከራከረኝም፤ ድንኳን ካየበት አወረደኝ። እኔም ዓይኔን ፀሐይ እንዳጭበረበረው፣ "ወንድሜን! ባሕረኛው ወንድሜን!" እያልኩ ገባሁ። ያጠራቀምኩትን እንባ ሁሉ ለቀቅኩት። ድንኳኑም አብሮኝ አለቀሰ።

እንባዬን ጠርጌ ቀና ስል፣ ፊት ለፊት የተሰቀለው ፎቶ ላይ ያሉት ነጠላ የተከናነቡ አሮጊት ናቸው።

ልጃቸው ጥቁር ለብሳ አጠገቤ መጥታ ቁጭ አለች። "አባባ፣ እማዬን ከየት ነው የሚያውቋት?"

ጤነኛ ሰው ቢሆን፣ "ይቅር በይኝ ልጄ፣ ተሳስቼ ነው" ብሎ ይወጣ ነበር። እኔ ግን ፖለቲከኛ ነበርኩ፤ የፖለቲከኛ አፍ ስህተት ላይ ሲደርስ ፍሬን አይዝም። "እናትሽን የማያውቅ ማን አለ ልጄ! የደሃ መጠጊያ ነበሩ እኮ!" አልኳት። ከኋላ፣ "እውነት ነው፣ እውነት ነው" አሉ። ከዚያ ወዲያ በምን ፊቴ ልነሳ? ንፍሮ ቀረበልኝ። ንፍሮው አፌ ውስጥ እያለ ስለ ሴትዮዋ ደግነት እንደገና ጠየቁኝ፤ እንደገና ተናገርኩ። ስልኬንም ለለቅሶው ክብር ብዬ አጥፍቼዋለሁ።

እኔ እዚያ ስለፈልፍ ወዳጄን ይቀብሩት ነበር።

ምጽዋ ሳለን እኔ የባሕር ኃይል መኮንን፣ እሱ የመርከባችን ፊሽካ ነፊ ነበር። የባሕረኛ ፊሽካ የትራፊክ ፊሽካ አይደለችም። ጣት የምታክል የነሐስ ቱቦ ናት፤ መዳፍን እየከፈቱ እየዘጉ ሲነፏት ትናገራለች። ተነሱ ትላለች፤ ምሳ ደረሰ ትላለች፤ አለቃ መጣ ትላለች። የቀኑ መጨረሻ ላይ የምትነፋዋ፣ እየቀጠነች እየቀጠነች የምትጠፋዋ፣ "ዝም ብላችሁ ተኙ" ናት።

ባሕሩን ስናጣ እሱ ባቱ ገባ። "ኩሬም ቢሆን ውሃ ነው ጌታዬ" ብሎ ጀልባ ገዝቶ ዓሣ ማጥመድ ያዘ። ብልህ ነኝ ባዩ እኔ ደግሞ አገሬ ተመልሼ ፖለቲካ ገባሁ፤ ከጊዜ በኋላም የወረዳ ምክትል አስተዳዳሪ ሆንኩ። "ኮማንደር" ስባል ሰዉ ፖሊስ እየመሰልኩት መንገድ ይቀይርብኝ ነበር። "ኧረ እኔ የባሕር ኃይል ነኝ!" ስል ደግሞ ይስቃል። የወለንጪቲ አቧራ ውስጥ ቆሞ የባሕር ኃይል ነኝ በሚል ሰው ቢሳቅ አይፈረድም።

እዚያው ወለንጪቲ በአንድ የድርቅ ዓመት ሕዝብ ሰበሰብን። ሴቶቹ ቢጫ ጀሪካናቸውን እንደያዙ ነው የመጡት። ወዳጄም ሊጠይቀኝ መጥቶ ከሰው ኋላ ቆሟል። አንዲት እናት ተነስተው፣ "ውሃውስ? ቢሻን ሆ?" ሲሉ እኔ ደረቴን ነፋሁ። "ባሕር ላይ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ በውሃ ጉዳይ እኔን እመኑኝ! ቧንቧው ለመስቀል ይደርሳል!" አልኩ፤ ቀጠልኩም፤ አላቆምም አልኩ። ያን ጊዜ ከኋላ ያቺ ፊሽካ ተነፋች። እየቀጠነች፣ እየቀጠነች። ዝም ብላችሁ ተኙ።

ሕዝቡ የክብር ፊሽካ መስሎት አጨበጨበ። ምን እንዳለች የገባን እኔና እሱ ብቻ ነበርን። ሳቄ መጣ። "ጨርሻለሁ" ብዬ ተቀመጥኩ።

ስንወጣ፣ "አለቃህን በሕዝብ ፊት?" ብዬ ተቆጣሁት።

"ጌታዬ፣ ጀሪካኖቹ ባዶ ነበሩ" አለኝ። "እርስዎ ሲናገሩ ሳይ፣ አንዱም አልሞላም።"

ቧንቧው ለዚያ መስቀል አልደረሰም። እኔም ብዙ ሳልቆይ ወንበሩን ለቀቅኩ።

በዚያ ሁሉ ዘመን አንድም ቀን "አንተ" ብሎኝ አያውቅም። "ጌታዬ፣ እርስዎ እኮ ጅል ነዎት" ይለኛል እንጂ አንቱታውን አይነካውም። "ተው እንጂ፣ መርከቧ እኮ የለችም" ስለው፣ "መርከቧ ባትኖር እርስዎ አሉ" ይለኛል።

ከፋሲካ ወዲህ ታሞ ልጠይቀው ሄድኩ። ከትራሱ ሥር ፊሽካዋን አውጥቶ መዳፌ ላይ አኖራት። "ስቀበር የመጨረሻዋን ንፋልኝ። ካንተ ሌላ የሚያውቃት የለም" አለኝ።

ንፋልኝ! ካንተ! ልቤ ቀዘቀዘ፤ ግን ማሾፍ ልማዴ ነውና፣ "ማዕረጌ የት ሄደ?" አልኩት።

"ባሕር ገባ" አለኝና ፈገግ ብሎ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

ዛሬ ከሴትዮዋ ድንኳን ምሳ ካልበሉ ከሚሉኝ እጅ አምልጬ ወጣሁና ስልኬን ብከፍተው የወዳጄ ሚስት ደጋግማ ደውላለች። ቤቷ ስደርስ ሰዉ ከቀብር ተመልሶ እጁን እየታጠበ ነው።

"የት ነበሩ ኮማንደር?" አለችኝ። "ደጀ ሰላሙ ላይ አስቁሜው እኮ ነበር። 'የሚነፋለት ሰው እየመጣ ነው' እያልኩ ቄሱን ለመንኩ። ፀሐዩ በረታ፣ ሰው አጉረመረመ፤ ምን ላድርግ? አስገባነው።"

እውነቱን ነገርኳት። ከድንኳኑ እስከ ንፍሮው አልደበቅኩም። ትከሻዋ ተንቀጠቀጠ፤ እያለቀሰች መስሎኝ ነበር፤ ለካ እየሳቀች ነው።

"ስለ ሴትዮዋ ተናገሩ?"

"ተናገርኩ።"

"በሰፊው?"

"በሰፊው።"

"ይኼኔ እሱ ቢኖር ከኋላ ሆኖ ነፍቶ ያስቀምጥዎት ነበር!" አለች። ሳቋ መሐል ላይ ተሰብሮ ለቅሶ ሆነ፤ እኔም ተከተልኳት።

አብረን መቃብሩ ድረስ ሄድን። ከላይ ያለው አፈር ገና እርጥብ ነው። ፊሽካዋን ከንፈሬ ላይ አድርጌ ነፋሁ። ፍስስ አለች። ደገምኩ፤ ፍስስ። እንባዬን ሰው ቤት ጨርሼ፣ ትንፋሼንም እዚያው በንግግር ጨርሼ፣ ለእሱ የተረፈኝ ይህ ነው።

"ግድ የለም" አለችኝ ክንዴን ይዛ፤ "እስከ አርባው ይለማመዱ።"

አዳማ ቤቴ ገብቼ ጫማዬን ሳላወልቅ ጀመርኩ። ጎረቤቴ በአጥር ላይ አንገቷን ብቅ አድርጋ፣ "ምነው ኮማንደር፣ ሌባ ገባ እንዴ?" አለችኝ።

"የለም እመቤቴ፣ ዕዳ ነው" አልኳት።

አርባው እስኪደርስ፣ እየቀጠነች የምትጠፋ አንዲት ፊሽካ አለብኝ።