ረጅም፣ አጭር፣ አጭር

አስናቀው አርባ ስምንት ዓመቱ ነው። ጎንደር ውስጥ በአንድ ሆስፒታል፣ ሕመም የጣላቸውን ሰዎች እንደገና መራመድ ሲያስተምር አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሞላው። ፊዚዮቴራፒስት ማለት ለአፍ ስለሚከብድ ሁሉም «ዶክተር» ይለዋል፤ «ዶክተር አይደለሁም» ማለት ከሰለቸው ቆይቷል። በወጣትነቱ ቄስ ሊሆን በካቶሊክ የዘርዐ ክህነት ትምህርት ቤት አራት ዓመት ተቀምጦ ነበር። ከዚያ ተርፎ የቀረው ጥቂት ላቲን ነው። እሱንም ለማን ያውራው?

በታኅሣሥ አጋማሽ መሪጌታ ወልደ ዮሐንስን አመጡለት። ወለቃ አጠገብ ባለ ደብር ሠላሳ ዓመት ከበሮ መትተዋል። አሁን ስትሮክ ግራ ጎናቸውን ይዞታል። ልጃቸው ልዕልት የምትዳረው ደግሞ ጥር ሃያ አምስት ነው።

«ተሽከርካሪ ወንበር ላይ ተቀምጬ አልመርቃትም» አሉ ገና ከበሩ ሳይገቡ። «ከቤቴ ደፍ እስከ ሙሽሮቹ ወንበር ስምንት እርምጃ ነው። በእግሬ እሄደዋለሁ።»

አስናቀው በሁለቱ የብረት መደገፊያዎች መሐል አቁሞ እንደ ልማዱ ጀመረ። አንድ፣ ምርኩዝ። ሁለት፣ የታመመው እግር። ሦስት፣ ደኅናው። መሪጌታ ግን ቁጥር በተጠራ ቁጥር እግራቸው ይተሳሰራል። በሁለተኛው ሳምንት ሊወድቁ ሲሉ አፈፍ አድርጎ ያዛቸው።

«ምነው አንተ! የወታደር ሰልፍ ነው የምታስተምረኝ?» ብለው ተቆጡ። «ሁሉንም እኩል ትቆጥረዋለህ። ሁሉ እኩል ከሆነ ምኑን ይዤ ልሂድ? ይህ ምርኩዝህስ ብትል፣ ጎማ ተጫምቶ ድምፅ የለው!»

አስናቀው ሳቀ። እየሳቀም ስንት ዘመን ያላነሣው ነገር አፉ ላይ መጣ። «ሌንቴ፣ ፓተር፣ ፕሮፔራ።»

«ምን አልህ?»

«ላቲን ነው መሪጌታ። ‹ቀስ እያልህ፣ አባቴ፣ ፍጠን› ማለት ነው።»

በአሥራ ሰባት ዓመቱ የጻፈው ነው። የላቲን መምህሩ ነጠላ ጫማቸውን እየጎተቱ ወደ ክፍል ሲመጡ አይቶ፣ ለቀልድ። የላቲን ግጥም እንደኛው ቤት አይመታም፤ መስመሩን የሚያቆመው የድምፁ ርዝመት ነው፤ አንድ ረጅም የሁለት አጭር ጊዜ ይወስዳል። ሽማግሌው ቀልዱን አልተቀየሙም። ጠረጴዛውን በመዳፋቸው እየመቱ ሁለት ጊዜ አስደገሙት፤ ሁለት ግማሽ ሲገጥም አንድ ሙሉ መስመር ይሆናልና። እሱ ግን በሁለቱ ግማሾች መሐል ያለውን እረፍት ሁልጊዜ ረግጦት ያልፋል። «ዝምታውም እኮ ይለካል፣ ልጄ» ይሉት ነበር። ትምህርቱን ትቶ የወጣ ቀን ሳይሰናበታቸው ሄደ። መሞታቸውን የሰማው ከሁለት ዓመት በኋላ ነው።

«ድገመው» አሉ መሪጌታ።

ደገመው። በደኅናው እጃቸው ጭናቸውን መቱ፤ ረጅም፣ አጭር አጭር፣ ረጅም፣ አጭር አጭር፣ ረጅም።

«ቋንቋው አይገባኝም፤ ምቱ ግን ገብቶኛል። ሸጋ ነው። ረጅሙን ለምርኩዙ፣ አጭር አጭሩን ለእግሮቼ።»

በማግስቱ መቋሚያቸውን ይዘው መጡ። ወለሉን ሲመታ የሚያስተጋባ መቋሚያ ነው። አራት እርምጃ ሄዱ። መቋሚያቸውን ተከሉና ቆሙ። አስናቀው «ሌን…» ብሎ ሊቀጥል ሲል አፈጠጡበት።

«አትዝለለው! እዚህ ላይ እረፍት አለ። አንተ አልነገርኸኝም እንጂ አለ።»

አስናቀው ያንን የመምህሩን ተግሣጽ ከሰማ ሠላሳ አንድ ዓመት አልፎታል።

ጥር ሃያ አምስት ዳሱ ጢም ብሎ ሞላ። አስናቀው ሙሉ ልብሱን ለብሶ፣ እንዳይነካቸው ቃል ገብቶ፣ ደፉ አጠገብ ቆመ። መሪጌታ ወጡ። መቋሚያው መሬቱን መታ። እግር፣ እግር። መቋሚያ። እግር፣ እግር። መቋሚያ።

ቆሙ።

ዳሱ ጸጥ አለ። «ውይ፣ ያዟቸው! ሰው የለም እንዴ?» አለች አንዲት ሴት። ልዕልት ከወንበሯ ብድግ አለች። የአስናቀው እግር ሳያዘው አንድ እርምጃ ወደ ፊት ሄደ። ከዚያ ጥርሱን ነክሶ ቆመ፤ እጁን ወደ ኋላው አጣምሮ፣ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ያንን ዝምታ እስከ መጨረሻው ቆጠረው።

መቋሚያው መታ። እግር፣ እግር። መቋሚያ። እግር፣ እግር። መቋሚያ። ልዕልት ጉልበታቸው ላይ ተደፋች፤ እጃቸውን ራሷ ላይ ጫኑ። ምርቃቱ እልልታው ውስጥ ሰጠመ። ከበሮ የያዘችው ልጅ የመቋሚያውን ምት ከጆሮዋ ሳይጠፋ አነሣችው፤ ረጅም፣ አጭር አጭር። ዳሱ በጭብጨባ ተቀበላት።

መሪጌታ አስናቀውን በጣታቸው ጠሩት። ጎንበስ አለላቸው።

«ተንቀሳቅሰሃል። አይቼሃለሁ።»

«አንዲት እርምጃ ናት እኮ መሪጌታ!»

«አንዲትም ብትሆን። ሰኞ እመጣለሁ፤ አሁን ደግሞ ተማሪው አንተ ነህ።» ከዚያ በመቋሚያቸው ጫፍ ወደ ጨፋሪዎቹ ገፉት። «ሂድ፣ ውረድ! በራስህ ምት ነው የሚጨፈረው።»